ቀን የሌለው ምስል፦ በድሬዳዋ ከዚራ ለፊልም ተመራቂዎች የቀረበ ንግግር

የዛሬው ንግግር የሚመለከተው ካሜራ ይዘው የሚወጡትን ተመራቂዎች ነው።

ሙከራዊ ዘጋቢ ፊልም፣ ማለትም እውነተኛ ሰዎችንና ሥፍራዎችን እየቀረጸ፣ ከተራኪ ማብራሪያ ይልቅ በምስል፣ በድምፅና በዝምታ ቅንብር የሚናገር የፊልም ዓይነት፣ ለዚህ አካባቢ ባዕድ አይደለም። ከኢትዮጵያዊ አባትና ከሜክሲኳዊት እናት ተወልደው በሐረር ያደጉት ጄሲካ በሺር በ16 ዓመታቸው ከአገር ወጥተው ኖረዋል፤ ከዓመታት በኋላ ሲመለሱም ጫት የቡናን መሬት ሲወርስ አይተው፣ ካሜራውን ራሳቸው ይዘው ዐሥር ዓመት ያህል ቀረጹ። ውጤቱ እ.ኤ.አ. በ2021 በሰንዳንስ ፌስቲቫል የታየው «ፋያ ዳዪ» የተሰኘ ጥቁርና ነጭ ፊልም ነው። ምርቃና፣ ማለትም ቃሚው የሚገባበት የተመስጦ ሁኔታ፣ በዚህ ፊልም ውስጥ የሚነገርለት ጉዳይ ብቻ ሳይሆን የአተራረኩም ምት ነው፤ የሱፊዎች አፈ ታሪክ፣ የቅጠል ለቃሚዎች ድካምና ስደት የሚያስብ ልጅ ትካዜ በዚያው ምት ይጓዛሉ።

ዐሥር ዓመት ሲባል የሚደነግጥ ተመራቂ አይጠፋም፤ ይሁንና ማኅበረሰብ በሩን የሚከፍተው ለካሜራው ሳይሆን ደጋግሞ ለሚመለሰው ሰው ነው። በበርጫ፣ ማለትም ከሰዓት በኋላ በጋራ በሚቃምበት ቆይታ ላይ፣ የሚታቀደው ፊልም ሁሉ ማታ ተረስቶ ባይቀር ኖሮ ድሬዳዋ ዛሬ ስንት ፊልም በኖራት!

ርዕስ ፍለጋም ሩቅ መሄድ አያሻም። የጅቡቲው ሐዲድ ወደ ሐረር ተራራ መውጣት አስቸጋሪ ስለሆነበት፣ በ1895 ዓ.ም. ከግርጌው የተቆረቆረችው ይህች ከተማ በደቻቱ ወንዝ ተከፍላ፣ ወዲህ በቀጥታ መንገዶችና በዛፍ ጥላ የተሰመረችውን ከዚራን፣ ወዲያ መጋላ የተባለውን ሰፈር ይዛለች። በሐምሌ 1998 ዓ.ም. ያው ወንዝ ሌሊት ሞልቶ ከ200 በላይ ሰው ሲገድል፣ ያጠፋው ቤትን ብቻ አልነበረም፤ በየሳጥኑ የነበረ ፎቶግራፍም አብሮ ሄዷል።

የተረፈውም ቢሆን ብዙው ዲዳ ነው። የዚህ ንግግር አቅራቢ በሸማንደፈር፣ ማለትም በባቡር ድርጅቱ፣ ጡረተኞች ቤት ያያቸው ፎቶግራፎች፣ ከባቡር አጠገብ የተሰለፉ ወጣቶችን ያሳያሉ፤ ጀርባቸው ላይ ግን ስምም ሆነ ዓመት የለም፤ የቤቱ ልጆችም ከአባታቸው በቀር ማንንም አይለዩም። በተመራቂዎች ስልክ የታጨቀው ቪዲዮስ ከዚህ በምን ይሻላል? ስም ያልተሰጠው ፋይል ከ20 ዓመት በኋላ ለባለቤቱም እንቆቅልሽ ነው።

ስለዚህ ተመራቂዎች ስለ ሌንስ ዋጋ ከመከራከራቸው በፊት፣ የቀረጹትን ሁሉ በዕለቱ የተቀረጸውን ሰው ስም፣ ቀኑን፣ ሰፈሩንና የተነገረበትን ቋንቋ ጽፈው በሁለት ቦታ ያስቀምጡ። ይህ ልማድ አሰልቺ መሆኑ አይካድም፤ ነገር ግን ሥራው ነገ ጠዋት፣ ከአያቶቻቸው ፎቶግራፍ ጀርባ ሊጀመር ይችላል።