የምትራመድ መስመር



የሐይቅ እስጢፋኖስ ቅርስ የሆነው የ13ኛው መቶ ዘመን የአቡነ ኢየሱስ ሞአ ወንጌል ሥዕሎች አሉት፤ የራሳቸው የአቡኑም ሥዕል በውስጡ ይገኛል። የብራና ሥዕል ክብሩ ጸንቶ መቆሙ ነው። ዛሬ የማወጋችሁ እየተራመደ ስለሚያስቅ ሥዕል ነው።

እ.ኤ.አ. በ1908 ፈረንሳዊው ኤሚል ኮል «ፋንታስማጎሪ» የተባለውን የሥዕል ፊልም ሠራ። በነጭ ወረቀት ላይ በጥቁር ቀለም 700 ያህል ሥዕሎች ሣለ፤ እያንዳንዱንም ሁለት ጊዜ በካሜራ አነሣው። ሲታተም ነጩ ጥቁር፣ ጥቁሩ ነጭ ሆነና ፊልሙ በሰሌዳ ላይ በጠመኔ የተሣለ መሰለ። ያ ሁሉ ድካም ሁለት ደቂቃ አይሞላም። ጠርሙሱ ወዲያው አበባ ሲሆን ግን ተመልካቹ መስመር ራሷ መቀለድ እንደምትችል አየ።

በ1914 አሜሪካዊው ዊንዘር ማኬይ ዳይኖሰሯን ጌርቲን ይዞ መድረክ ላይ ወጣ። ከመጋረጃው ፊት ቆሞ ያዛታል፤ እሷም አንዴ ትታዘዛለች፣ አንዴ ታምፃለች፣ ሲቆጣትም ታለቅሳለች። ሕዝቡን ያሳቀው ጠባይዋ ነው። ታዲያ ከኋላዋ ያሉት ድንጋይና ዛፍ በየወረቀቱ እንደገና መሣል ነበረባቸው። በዚያው ዓመት ኤርል ኸርድ ብርሃን በሚያሳልፍ ሴሉሎይድ ላይ የመሣልን ዘዴ በስሙ አስመዘገበ፤ ዳራው አንዴ ተሥሎ ያገለግል ጀመር። በ1919 የታየው ድመቱ ፊሊክስ በዚህ በተቃለለ ሥራ ዘመን የመጣ ነው፤ ጅራቱን ነቅሎ መሣሪያ ያደርገዋል።

ፊልሞቹ ድምፅ አልነበራቸውም፤ በአዳራሹ የሚጫወት ሙዚቀኛ ነበር ነፍስ የሚዘራባቸው። ከአራቱ ቅኝቶች አንዱ በስሙ ለሚጠራ አገር፣ ለአምባሰል ሰው፣ ይህን ማስረዳት አያሻኝም።

በእጅ የመሣሉ ነገር ለእኛም እንግዳ አይደለም። አዲስ አበባ ተወልዶ ኒው ዮርክ የሚኖረው ሠዓሊ እዝራ ውቤ «ሒሳብ» የተባለውን አጭር ፊልም የሠራው በአንድ ሸራ ላይ እየቀባ፣ ፎቶ እያነሣ፣ መልሶ በላዩ እየቀባ ነው። ታሪኩን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፤ አህያ፣ ፍየልና ውሻ ታክሲ ተሳፈሩ። አህያ ከፈለች፣ ስለዚህ መኪና ሲመጣ ንቅንቅ አትልም። ፍየል ሳትከፍል ወርዳለች፣ ትሸሻለች። ውሻ መልሱን አልተቀበለም፣ ዛሬም መኪና ያባርራል።

ተማሪዎች ሆይ፣ በኮል ስሌት ለ10 ሰከንድ 80 ሥዕል ገደማ ይበቃል። የሐይቅ ገበያ አህያ በአስፋልቱ መሐል ቆማ ጆሮዋን ስታነቃንቅ በደብተራችሁ ጥግ ከገጽ ወደ ገጽ ሣሏት፤ ገጾቹንም በአውራ ጣታችሁ ፈጥናችሁ ግለጡ። ክራር የሚመታ ጓደኛ ካላችሁ አጠገባችሁ ይቀመጥ።