«ደደብ» የተባለው ልጅ
ሞላሌ አካባቢ ቤት ለቤት ስዞር የማውቀው አንድ ልጅ አለ፤ ስሙን አልነግራችሁም። የክፍል ጓደኞቹ «ደደብ» ይሉታል፤ እናቱ «እርግማን ነው» ይላሉ። ቫይረሱ ከውልደቱ ጀምሮ በደሙ ውስጥ አለ። ኤች አይ ቪ አንጎልንም ይጎዳል፤ አዋቂን ሊያስረሳና ሐሳቡን ሊበትን፣ የልጅን አፍ መፍታትና ትምህርት ሊያዘገይ ይችላል። ከ1997 ዓ.ም. ጀምሮ በአገራችን በነጻ የሚሰጠው መድኃኒት በቶሎ ተጀምሮ ሳይቋረጥ ሲወሰድ ጉዳቱን ይቀንሳል። ችግሩ፣ የሚረሳ ሰው መድኃኒቱንም ይረሳል! ስለዚህ የምሽቱ ዜና በሬዲዮ ሲጀምር እህቱ ታስውጠዋለች።

ታዲያ የሚረሳ ሁሉ ቫይረሱ አለበት ማለት አይደለም፤ ረሃብ፣ ደም ማነስና ጭንቀትም ያስረሳሉ።

ልጁ ባለፈው ሳምንት የስድስትን ብዜት በቃሉ ወጣልኝ። ሰባት ላይ ተደናቀፈ፤ እኔም እዚያው ነበር የምደናቀፈው።