ጆሮ አይለምድም

ዛሬ የምንነጋገረው በድምፅ ስለሚመጣ የጆሮ ጉዳት ነው። በተለይ በሳንጃ፣ በትክል ድንጋይና በአካባቢው የምትኖሩ፣ ወፍጮ ቤት የምትሠሩ፣ ትራክተር የምትነዱ፣ ሠርግና ለቅሶ በጥይት የምታደምቁ ሁሉ ጆሯችሁን ስጡኝ።

ወፍጮ ቤት ብዙ ዓመት የሠራን ሰው «ጩኸቱ አያስቸግርህም?» ብትሉት፣ «መጀመሪያ ያስቸግረኝ ነበር፤ አሁን ለምጄዋለሁ» ይላችኋል። አእምሮው ጩኸቱን ችላ ማለት ለምዶ ይሆናል። ጆሮው ግን አልለመደም። ጩኸቱ ቀለል ካለው፣ አንዱ ምክንያት ጆሮው መስማት መቀነሱ ሊሆን ይችላል። ችግሩ ሕመም የለውም፤ ደም የለውም፤ ስለዚህ ማንም ልብ አይለውም።

እንዴት እንደሚጎዳ ልንገራችሁ። በውስጠኛው የጆሮ ክፍል፣ በእያንዳንዱ ጆሮ 15 ሺህ ያህል ፀጉር መሰል ሕዋሳት አሉ። የድምፅን ንዝረት ተቀብለው ወደ ነርቭ የሚያቀብሉት እነሱ ናቸው። ማሽላ ነፋስ ሲያጎነብሰው፣ ነፋሱ ሲያልፍ ቀና ይላል፤ በረዶ የመታው ግን ተሰብሮ ይቀራል። እነዚህም ሕዋሳት መጠነኛ ጩኸት ሲያደክማቸው አርፈው ያገግማሉ። ከልክ ሲያልፍ ወይም ሲደጋገም ግን ይሞታሉ። ዶሮ የሞቱባትን የጆሮ ሕዋሳት መልሳ ታበቅላለች፤ ሰው ግን ይህ አልተሰጠውም።

ልኩ ታዲያ ስንት ነው? ድምፅ የሚለካው በዴሲቤል ነው። የሁለት ሰው ጨዋታ ወደ 60 ዴሲቤል ይሆናል። በሥራ ቦታ 85 ዴሲቤል ላይ ከ8 ሰዓት በላይ መቆየት አይመከርም። ልብ በሉ፤ ዴሲቤል እንደ ኪሎ አይቆጠርም። 3 ብቻ ሲጨምር የድምፁ ጉልበት እጥፍ ይሆናል፤ የሚፈቀደው ጊዜም በግማሽ ይቀንሳል። 88 ላይ 4 ሰዓት፣ 91 ላይ 2 ሰዓት፣ 100 ላይ ሲደርስ ሩብ ሰዓት ብቻ ነው። መለኪያ መሣሪያ ባይኖራችሁም፣ አንድ ክንድ ርቆ ከቆመ ሰው ጋር ለመግባባት መጮህ ካስፈለጋችሁ ያ ቦታ ለጆሮ አደገኛ ነው።

በናፍጣ የሚሠራ ወፍጮ ያላችሁ እህቶችና ወንድሞች፣ ብዙው መፍትሔ በእጃችሁ ነው። የተቀደደ ማርሚታ አስለውጡ፤ የጭስ ማውጫውን ከበሩ አርቃችሁ ወደ ውጭ አውጡት። የላላ ቺንጋ አጥብቁ፤ የሚያፏጭ ኩሽኔታ ቅባት ይፈልጋል ወይም መለወጥ አለበት። ሞተሩ ከሚፈጭበት ክፍል በግድግዳ ቢለይ ደግሞ እጅግ ይረዳል። ሠራተኛው የጆሮ መሸፈኛ ያድርግ፤ ጆሮ ውስጥ የሚጠቀጠቅ ጥጥ ብዙም አይከላከልም። እህል ለማስፈጨት ልጅ አዝላችሁ የምትመጡ እናቶች ደግሞ ተራችሁን ከደጅ፣ ራቅ ብላችሁ ጠብቁ። ገላጣ ቦታ ላይ ርቀታችሁን እጥፍ ስታደርጉ ድምፁ ወደ 6 ዴሲቤል ይቀንሳል።

አሁን ወደ ጥይቱ እንምጣ። በእኛ አካባቢ ጠመንጃ የክብር ዕቃ ነው፤ ሙሽራ ሲመጣም፣ ጀግና ሲቀበርም ይተኮሳል። ወጉን ለመንቀፍ አልመጣሁም። ነገር ግን ወፍጮ በዓመታት የሚያደርሰውን ጉዳት ጥይት በቅጽበት ሊያደርሰው ይችላል። የጠመንጃ ተኩስ በተኳሹ ጆሮ አጠገብ ከ140 ዴሲቤል ያልፋል። ለእንዲህ ያለ ድንገተኛ ድምፅ የዓለም የጤና ድርጅት ያስቀመጠው ጣሪያ ለአዋቂ 140፣ ለልጅ 120 ዴሲቤል ነው። በቀኝ ትከሻው የሚተኩስ ሰው ግራ ጆሮው ወደ አፈሙዙ ይቀርባል፤ ቀኙን ጭንቅላቱ ይጋርድለታል። ስለዚህ ለረጅም ጊዜ የተኮሰ ሰው ሲመረመር ብዙውን ጊዜ ግራው ጆሮ የባሰ ተጎድቶ ይገኛል። ከጎኑ እልል የምትለው ሴትና እግር ሥር የሚሯሯጠው ልጅ ግን የሚጋርዳቸው የለም።

ወጣቶችም አልተረሳችሁም። የዓለም የጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2021 ባወጣው ዘገባ መሠረት ከ1 ቢሊዮን በላይ ወጣቶች ከልክ ባለፈ ድምፅ ምክንያት ለመስማት ችግር የተጋለጡ ናቸው። ኤርፎናችሁን ከ60 በመቶ በላይ አታስጩኹ፤ ድግስ ላይም ሞንታርቦ ሥር አትቁሙ።

ምልክቶቹ እነዚህ ናቸው። አንደኛ፣ ከጩኸቱ በኋላ ጆሮ ጭው ይላል ወይም ይደፈናል። ሁለተኛ፣ ሰው ሲናገር ድምፁ ይሰማል፤ ቃሉ ግን አይለይም። ጩኸት አስቀድሞ የሚያጠፋው ቀጫጭን ድምፆችን ስለሆነ የልጆችና የሴቶች ንግግር ቀድሞ ይደበዝዛል፤ «ስ» እና «ፍ» ይጠፋሉ። ታማሚው «ሰዎች እያጉተመተሙ ነው የሚያወሩት» ብሎ ያማርራል። ቤተሰቡ ደግሞ ችላ ያላቸው ይመስላቸዋል፤ ብዙ ኩርፊያ የሚጀምረው ከዚህ ነው።

ከተኩስ በኋላ ጆሯችሁ አንድ ቀን አልፎት ካልተሻለው ሳትውሉ ሳታድሩ ወደ ሳንጃ ሆስፒታል ሂዱ። በመጀመሪያዎቹ ቀናት የሚሰጥ መድኃኒት ሊረዳ ይችላል፤ ከወራት በኋላ ግን ዕድሉ ያልፋል። ዘይትም ቅቤም ጆሮ ውስጥ አትጨምሩ። ከጩኸት ሌላ መድኃኒትም ጆሮን ሊጎዳ ይችላል። ቆላ ነንና ወባ አይለየንም፤ ለወባ ይሰጥ የነበረው ኩዊኒን ጆሮን ለጊዜው ጭው ያደርጋል፤ ጄንታማይሲን የተባለው መርፌ ደግሞ ዘላቂ ጉዳት ሊያደርስ ይችላል። ሁለቱንም ያለ ሐኪም ትእዛዝ አትውሰዱ። ጆሮው የቀነሰ ሰው በማዳመጫ መሣሪያ ይረዳል፤ የሞተውን ሕዋስ ግን የሚያስነሳ መድኃኒት እስካሁን የለም።

መዳኛ የሌለውን በሽታ መከላከል ደግሞ ለጎንደር አዲስ ትምህርት አይደለም። የዛሬው የጎንደር ዩኒቨርሲቲ በ1947 ዓ.ም. የሕዝብ ጤና ኮሌጅ ሆኖ ሲቋቋም፣ ጤና መኮንኑን፣ የማኅበረሰብ ነርሱንና ሳኒታሪያኑን በአንድ ቡድን አሠልጥኖ ወደ ገጠር የላከው በሽታ ሳይጀምር ለመቅደም ነበር። ሕጉም አለ፤ የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 የድምፅ መጠን ደረጃ እንዲወጣ ያዛል። ስለዚህ ስለ ጩኸት አቤት የሚል ሰው ቅንጦት አልጠየቀም፤ የጤና ጉዳይ ነው ያነሣው።

የአገር ሽማግሌዎች፣ አንድ ነገር ላስቸግራችሁ። ለመጪው ሠርግ ስትመካከሩ፣ ስለ ዳሱና ስለ ጠላው እንደምትነጋገሩት ሁሉ ስለ ተኩሱም ተነጋገሩ። ቢቀር መልካም ነው፤ ጀግና በፉከራና በቀረርቶም ይከበራል። ካልቀረ ግን ተኳሹ ከሕዝቡ ይራቅ፤ ልጆች ከአጠገቡ ይነሡ፤ እሱም ጆሮውን ይሸፍን። ወፍጮ ቤት ያላችሁ ደግሞ ነገ ሞተሩን ከማስነሣታችሁ በፊት ማርሚታውን እዩት።