መንገድ፣ አጥርና የዱር አራዊት
ከአልበርታ የሣር ሜዳና ተራራ የሚገኝ ትምህርት



አንድ መንገድ ሲነደፍ በቅድሚያ የሚጠየቀው ምን ያህል ተሽከርካሪ በላዩ እንደሚመላለስና ምን ያህል ጎርፍ በሥሩ እንደሚያልፍ ነው። ይሁን እንጂ መንገድን የሚያቋርጠው ውሃ ብቻ አይደለም። በየወቅቱ ግጦሽ ፍለጋ ከሜዳ ወደ ተራራ፣ ከተራራ ወደ ሜዳ የሚጓዝ የዱር እንስሳም ያቋርጠዋል። ይህ ፍሰት በንድፍ ሳይታሰብ ሲቀር ምን እንደሚደርስ፣ ሲታሰብም ምን እንደሚገኝ በካናዳ የአልበርታ ክፍለ ሀገር በግልጽ ታይቷል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።)

በአልበርታ ደቡባዊ ክፍል በስተምሥራቅ ሰፊ የሣር ሜዳ፣ በስተምዕራብ የሮኪ ተራሮች ሰንሰለት ይገኛል። በሜዳው ይሰማራ የነበረው ባይሰን የተባለው ጎሽ በሰሜን አሜሪካ በአሥር ሚሊዮኖች ይቈጠር ነበር፤ በጥይት ከተፈጀ በኋላ ግን በ1880ዎቹ መጨረሻ የቀረው አንድ ሺሕ ገደማ ብቻ ነበር። ዛሬ የተራራ አውሬ መስሎ የሚታየው ግሪዝሊ ድብም ቀድሞ የሜዳው ነዋሪ ነበር። ጠመንጃ የጀመረውን ጉዳት አጥርና መንገድ ቀጠሉት፤ ይኸውም እንስሳውን ሳይገድሉ አገሩን በመቈራረጥ ጭምር ነው።

የአጥሩን ነገር ለመረዳት ፕሮንግሆርን የተባለውን ሚዳቋ መሰል እንስሳ መመልከት ይበቃል። በሰዓት እስከ 90 ኪሎ ሜትር ገደማ የሚሮጥ ሲሆን፣ በሣር ሜዳ የኖረ በመሆኑ ከፍ ያለ ነገር መዝለልን አይደፍርም። የከብት አርቢው ሽቦ ሲያጋጥመው በሥሩ ሾልኮ ለማለፍ ይሞክራል፤ የታችኛው ሽቦ ዝቅ ያለና እሾሃማ ከሆነ ቆዳው ይላጣል ወይም መንገዱ ይዘጋል። መፍትሔው ቀላል ሆኖ ተገኘ፤ የታችኛውን ሽቦ እሾህ በሌለው መተካትና ከመሬት 45 ሣንቲ ሜትር ያህል ከፍ ማድረግ ነው። ከብቱ አይወጣም፤ ፕሮንግሆርን ግን ያልፋል።

በተራራው በኩል ችግሩ የከበደ ነበር። በ1885 መሠረቱ የተጣለው የባንፍ ብሔራዊ ፓርክ በቦው ወንዝ ሸለቆ በኩል በአገር አቋራጩ አውራ ጎዳና ይከፈላል። ሸለቆው ለመንገድ አመቺ የሆነውን ያህል ለእንስሳቱም መተላለፊያ ነው፤ በዚህም ምክንያት ኤልክ የተባለው ትልቅ አጋዘን፣ ድብና ተኩላ በተሽከርካሪ ይገደሉ ነበር፤ ተሳፋሪውም አብሮ ይጎዳ ነበር። ከ1980ዎቹ መጀመሪያ አንሥቶ መንገዱ በየክፍሉ ሲሰፋ፣ 2.4 ሜትር ከፍታ ያለው አጥር በግራና በቀኝ ተተከለ፤ በሥሩም መሹለኪያዎች ተሠሩ። የመጀመሪያዎቹ ሁለት፣ አፈርና ዛፍ የለበሱ የእንስሳት ድልድዮች በ1997 ተጠናቀቁ። በጠቅላላው 6 ድልድዮችና 38 የሥር መሹለኪያዎች ተሠርተዋል።

ሥራው ያለ ስሕተት አልሄደም። የመጀመሪያው አጥር ከመሬት በታች ስላልተቀበረ ቆፋሪዎቹ እንስሳት በሥሩ እየማሱ ገቡ፤ ስለዚህ ኋላ የተሠራው ታችኛው ጠርዙ ተቀበረ። ደግሞም አንድ ዓይነት መተላለፊያ ለሁሉም እንደማይሆን ታወቀ። ግሪዝሊ ድብ፣ ተኩላና ኤልክ ሰፊና ገላጣ ማለፊያ ሲመርጡ፣ ጥቁር ድብና የተራራ አንበሳ ጠባብና ጨለም ያለውን ይመርጣሉ። ኤልኮች ድልድዩን ወዲያው ሲለምዱ፣ ግሪዝሊ ድቦች ለመልመድ እስከ አምስት ዓመት ፈጅቶባቸዋል። ሥራው በመጀመሪያው ዓመት ተመዝኖ ቢሆን ኖሮ ገንዘብ በከንቱ ፈሰሰ መባሉ አይቀርም ነበር። በትዕግሥት የተደረገው ክትትል ግን የእንስሳት ግጭት ከ80 በመቶ በላይ፣ የኤልክና የአጋዘን ብቻውን ደግሞ ከ96 በመቶ በላይ መቀነሱን አሳየ። በ2017ም 16 ባይሰኖች ከኤልክ ደሴት ብሔራዊ ፓርክ ተጓጉዘው ወደ ባንፍ ተመለሱ።

ይህ ትምህርት ለኢትዮጵያ መሐንዲስ ሩቅ አይደለም። በባሌ የሳነቴን አምባ የሚያቋርጠው መንገድ በቀይ ቀበሮ መኖሪያ ውስጥ ያልፋል፤ የዚህ እንስሳ ዐዋቂዎች በዓለም ላይ ከ500 አይበልጡም፤ በዚያ መንገድ በመኪና የተገደሉም አሉ። የአዲስ አበባና የጅቡቲ አውራ ጎዳናም ሳላ የሚሰማራበትን የአዋሽ ብሔራዊ ፓርክ ያቋርጣል። በእርግጥ በዛፍ የተሸፈነ ድልድይ ውድ ነው። ነገር ግን ለጎርፍ ተብሎ የሚሠራን ቱቦ ሰፋ አድርጎ ዳሩን ደረቅ ማድረግ፣ ፍጥነትን የሚገታ ጉብታ መሥራት፣ ከሁሉ በፊትም እንስሳው የሚያልፍበትን ቦታ በቅየሳው ካርታ ላይ ማስፈር ከመሐንዲሱ አቅም በላይ አይደለም። የጎርፍ ልክ ሳይጠና ድልድይ እንደማይሠራ ሁሉ፣ የእንስሳቱም መመላለሻ ሳይጠና መንገድ ሊቀየስ አይገባውም። ተራራ ካለቀ በኋላ መንገድ ይታረማል፤ የጠፋ ዘር ግን አይታረምም።