ስለ ፊልም አንሺው ስለ ስቴቫን ላቡዶቪች የተደረገ ንግግር



ለዚህ በዓል መታሰቢያ የሚሆነውን ፎቶግራፍ በተነሣንበት ቀን ሁላችንም ተሰልፈን ስንቆም አንድ ሰው ብቻ ከሰልፉ ውጭ ነበር፤ እርሱም ፎቶግራፍ አንሺው ነው። በሥዕሉ ላይ ሁላችንም አለን፤ እርሱ ግን የለም። እኛ የመጨረሻው ክፍል ተማሪዎች ለዛሬው ንግግር አርእስት ስንፈልግ ይህ ነገር ትዝ ቢለን፣ ሥራቸው በብዙ አገር ታይቶ ስማቸው ግን ለረጅም ጊዜ ሳይነገር ስለ ቆየ ስለ አንድ ሰው ለመናገር ወደድን። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ስቴቫን ላቡዶቪች በ1926 በሞንቴኔግሮ፣ በራኔ በምትባል ከተማ ተወለዱ። ገና በጉርምስናቸው ዩጎዝላቪያን በያዙት በጀርመንና በኢጣሊያ ወታደሮች ላይ ከተነሡት አርበኞች ጋራ ተቀላቀሉ። ኢጣሊያን በአርበኝነት መውጋት ምን እንደ ሆነ ለዚህ ጉባኤ ማስረዳት የሚያስፈልገን አይመስለንም።

ከጦርነቱ በኋላ በሰርቢያ ዋና ከተማ በቤልግሬድ «ፊልምስኬ ኖቮስቲ» በተባለው የዜና ፊልም ድርጅት ገቡ። ቴሌቪዥን በየቤቱ ባልነበረበት በዚያን ጊዜ ሕዝብ የዓለምን ወሬ በዓይኑ የሚያየው በሲኒማ ቤት ከዋናው ፊልም በፊት በሚታየው አጭር የዜና ፊልም ነበር። ላቡዶቪችም ፕሬዚዳንት ቲቶን እየተከተሉ «ጋሌብ» በተባለችው መርከብ ብዙ ባሕር ተሻገሩ። ቲቶ በዲሴምበር 1955 ወደ አገራችን የመጡትም በዚህችው መርከብ ነው። ነገር ግን የላቡዶቪች ሥራ መሪዎች ሲጨባበጡ ማንሣት ብቻ ቢሆን ኖሮ ዛሬ ስለ እሳቸው ባልተናገርን ነበር።

በኖቬምበር 1 ቀን 1954 አልጄሪያውያን በፈረንሳይ አገዛዝ ላይ መሣሪያ አነሡ። የፈረንሳይ መንግሥት ግን ነገሩን ጦርነት ብሎ ለመጥራት እንቢ አለ፤ ጸጥታ ማስከበር ነው ይል ነበር። የፈረንሳይ ምክር ቤት ጦርነት መሆኑን በሕግ የተቀበለው በ1999 ነው፤ ከተጀመረ ከ45 ዓመት በኋላ ማለት ነው! ጦርነቱ ሲካሄድ ዓለም ያየው የነበረው ሥዕል በአብዛኛው ከፈረንሳዮች በኩል የተነሣ ስለ ሆነ፣ ለአልጄሪያውያን ከጠመንጃው ሌላ ካሜራም አስፈለጋቸው። ቲቶም በ1959 ላቡዶቪችን ላኩላቸው።

ላቡዶቪች አልጄሪያ ነጻ እስክትወጣ ድረስ የነጻ አውጪውን ጦር ተጋድሎ በፊልም አነሡ። ፈረንሳዮች ከ1957 ጀምሮ በቱኒዚያ ጠረፍ ኤሌክትሪክ ያለበት የሽቦ አጥር ዘርግተው ፈንጂ ቀብረውበት ነበር። ከቱኒዚያ ወደ አልጄሪያ የሚሻገር ተዋጊ ይህን አጥር ማለፍ ነበረበት፤ ፊልም አንሺ ደግሞ ካሜራውን ተሸክሞ። የሥራውን ችግር ለመረዳት ጥቂት ሒሳብ ሠራን። 35 ሚሊሜትር ፊልም በሴኰንድ 24 ሥዕል እየተነሣበት በደቂቃ 27 ሜትር ያህል ይሄዳል፤ ስለዚህ 120 ሜትር ርዝመት ያለው ጥቅል አራት ደቂቃ ተኩል እንኳ አይቆይም። ከዚያ በኋላ ብርሃን እንዳይነካው ተጠንቅቆ ሌላ ጥቅል ማግባት ነው። ተኩስ ሲከፈት ወታደር ራሱን ዝቅ ያደርጋል፤ አንሺው ግን ለማየት ቀና ማለት አለበት። ፊልሙም የሚታጠበው ሩቅ አገር፣ በቤልግሬድ ስለ ነበረ፣ የደከመበት ነገር ደኅና ወጥቶ እንደ ሆነ እዚያው ሆኖ ሊያውቅ አይችልም።

በክፍላችን በዚህ ነገር ብርቱ ክርክር ተነሥቶ ነበር። አንዳንዶቻችን «መንግሥት የላከው፣ ለአንድ ወገን የቆመ ሰው እንዴት ምስክር ይባላል? ወሬ ቢነግሩህ መላ ጨምርበት ይባል የለምን?» አልን። እውነትም ላቡዶቪች ለአልጄሪያውያን ወግነው ነበር፤ ይህንንም አልደበቁም። ሌሎቻችን ግን «ከሳሽ ብቻ በሚናገርበት ችሎት የተከሳሽን ቃል ይዞ የመጣ ሰው ዳኛውን ጠቀመ እንጂ ምን በደለ?» ብለን ተከራከርን። ደወል ተደወለና ሳንስማማ ተለያየን፤ እስከ ዛሬም አልተስማማንም።

ሁላችንንም የነካን ግን ሌላ ነገር ነው። ሥዕሎቹ የአልጄሪያውያን የራሳቸው ድምፅ ሆነው ለዓለም እንዲቀርቡ ስለ ተፈለገ የአንሺው ስም አልተነገረም። በዚህ መጽሔት ላይ ስማችን በትክክል እንዲታተም አዘጋጆቹን ደጋግመን የለመንን እኛ ይህን ስንሰማ ጥቂት አፈርን።

በሴፕቴምበር 1961 ሃያ አምስት የገለልተኛ አገሮች መልእክተኞች በቤልግሬድ በተሰበሰቡ ጊዜ፣ ገና ነጻነቷን ያላገኘችው አልጄሪያ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከተገኙበት ጉባኤ እኩል ወንበር አገኘች። በጁላይ 5 ቀን 1962 ደግሞ ነጻ መንግሥት ሆነች። ዩጎዝላቪያ በበኩሏ ከ1991 ጀምሮ ተከፋፍላ ዛሬ የለችም፤ የፊልሙ ጥቅል ግን ቤልግሬድ ቀረ። በሽምግልናቸው ዘመን ሚላ ቱራይሊች የተባለች የዚያች ከተማ ፊልም ሠሪ አግኝታቸው፣ ስለ ሥራቸው እየጠየቀች ቃላቸውን ቀረጸች። ከድሮው ጥቅልና ከዚህ ጭውውት ሁለት ፊልም ሠርታ በ2022 አሳየች፤ በሁለቱም አርእስት ላይ የላቡዶቪች ስም ተጽፎበታል። እሳቸው ግን በ2017 ዐርፈው ስለ ነበረ አላዩትም።