የፊባስ ምሥጢር

አቅራቢ፦ እንደ ጎርጎርዮሳውያን አቆጣጠር በ2002 በጃፓን በወጡት ፖክሞን ሩቢና ሳፋየር በተባሉት ጨዋታዎች፣ ፊባስ የሚባለው ቡናማ ዓሣ፣ መልኩ የጎሰቆለና ክንፉ የተቦጫጨቀ ሲሆን፣ በ119ኛው መንገድ ወንዝ ላይ ካሉት በመቶ የሚቆጠሩ የማጥመጃ ስፍራዎች በ6ቱ ብቻ መገኘቱ ትዕግሥትን አጥብቆ የሚፈትን ነው።

አቅራቢት፦ እውነትዎን ነው፣ ወንድሜ፤ እኔን ይልቁን የሚያስደንቀኝ፣ እነዚያ ስፍራዎች በጨዋታው ውስጥ ባለችው በዲውፎርድ ከተማ ሰዎች አፍ በሚዘወተረው ፈሊጥ ላይ መመሥረታቸው ነው፤ ተጫዋቹ ፈሊጡን በለወጠ ጊዜ ዓሦቹም ስፍራቸውን ይለውጣሉና።

አቅራቢ፦ ከተያዘስ በኋላ?

አቅራቢት፦ ብዙዎቹ ፍጥረታት በውጊያ ልምድ ሲለወጡ፣ ፊባስ ግን ከፍሬ የተፈጨ ፖክብሎክ የሚባል ምግብ፣ በተለይም ሰማያዊውን፣ እየተመገበ የውበት ነጥቡ 170 ከደረሰ በኋላ አንድ ደረጃ ሲያድግ፣ ሚሎቲክ ወደ ተባለው ባለ ግርማ፣ ሕብረ ቀለሙ ያጌጠ ፍጥረት ይለወጣል። ነገር ግን የሚበላው መጠን የተወሰነ ስለሆነ፣ ምግቡ ጥራት ከጎደለው፣ ከዚያ መዓርግ ሳይደርስ ጠግቦ ይቀራል፤ ይህም እጅግ ያሳዝናል።

አቅራቢ፦ በ2010 በወጡት ብላክና ኋይት በተባሉት ጨዋታዎች ግን፣ ፊባስ ፕሪዝም ስኬል የተባለውን ዕቃ ይዞ በተጫዋቾች መካከል በሚደረግ ልውውጥ እንዲለወጥ ተደርጓል።

አቅራቢት፦ መንገዱ ቀለለ፤ እኔ ግን ፍሬ መርጦ፣ ፈጭቶ፣ በእጅ መግቦ የሚገኘውን የቀድሞውን ሥርዓት አብልጬ እወዳለሁ።