የሰውን ኑሮ በፊልም ስለ ማሳየት

(በትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል ቀን በሁለት ተማሪዎች የተደረገ ንግግር)



በዛሬው በዓል መርሐ ግብር ላይ ከስማችን ትይዩ የተጻፈው «አጭር ፊልም» የሚል ነው። እኛ ግን ፊልም ይዘን አልመጣንም። ስለ ምን እንዳልያዝንና ከዚህም ምን እንደ ተማርን ለመናገር ጥቂት ጊዜ እንድትሰጡን በትሕትና እንለምናለን።

ፊልም ሲባል ብዙዎቻችን የምናስበው ተዋናዮች የሚጫወቱትን ልብ ወለድ ታሪክ ነው። ነገር ግን እውነተኛ ሰው በገዛ ቤቱ ሲውል ሲያድር የሚያሳይ ሌላ ዐይነት ፊልም አለ፤ ዘጋቢ ፊልም ይባላል። ከዚህም ውስጥ አዘጋጁ ሰውየውን «እንዲህ ሁን» ሳይል አጠገቡ ተቀምጦ የሚመለከትበት አሠራር አለ። ይህ አሠራር የተስፋፋው እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ፥ በትከሻ የሚያዝ ካሜራና ድምፅን አብሮ የሚቀዳ ተንቀሳቃሽ መሣሪያ በተገኘ ጊዜ ነው። ከዚያ ወዲህ ሁለት ሰው በቃ። በአሜሪካ ወንድማማቾቹ አልበርትና ዴቪድ ሜይዝልስ ሲሠሩ አልበርት ካሜራውን፥ ዴቪድ ድምፁን ይይዝ ነበር።

በአገራችንም ምሳሌ አለ። ጂን ሊዳል የተባሉት የባህል ተመራማሪ እ.ኤ.አ. ከ1970 ጀምሮ በደቡብ ኢትዮጵያ ወደሚገኘው የሐመር ሕዝብ ሲመላለሱ ኖረዋል፤ ቋንቋውንም ያውቃሉ። እርሳቸው ከልጃቸው ከካይራ ሽትሬከር ጋራ፥ ባልዋ ሁለተኛ ሚስት ስላገባባት ስለ ዱካ የሠሩት ፊልም በ2001 ወጣ። ልጅ ካሜራውን ይዛ እናት ስታነጋግራት፥ ዱካ ለእንግዳ የማይነገረውን የልብዋን ትናገራለች። የዚህ ፊልም መሠረቱ መሣሪያው ሳይሆን የሠላሳ ዓመት ትውውቅ ነው።

በእኛው በአማራ ክልልም ሣራ ኖአ ቦዘንሃርትና ዳንኤል አባተ ጥላሁን በአንዲት የገጠር መንደር የሠሩት ፊልም በ2021 ወጥቷል። ርእሱ «በእኛ በሴቶች መካከል» እንደ ማለት ነው። አራተኛ ልጅዋን ያረገዘች ገበሬ በጤና ጣቢያ ትውለድ ወይስ በልምድ አዋላጅ እጅ፥ ይህን ስታወጣ ስታወርድ ያሳያል። ከእኛ መካከልም በጤና ጣቢያ የተወለደ አለ፤ በጎጆ ውስጥ በእሳት ብርሃን የተወለደም አለ። «ጤና ጣቢያ ሂጂ» የሚል ወረቀት በየግድግዳው ተለጥፎ እናያለን፤ ምክሩም መልካም ነው። ነገር ግን ሴቲቱ ስለ ምን እንደምታመነታ ወረቀቱ አይጠይቃትም። ይህ የሚታወቀው አጠገብዋ ተቀምጦ በትዕግሥት ለሚያዳምጥ ነው።

እኛም እንዲህ ያለ ሥራ ለመሞከር ፈልገን አንድ ቅዳሜ ስልካችንን ይዘን፥ ከደብረ ማርቆስ ወጣ ብላ በጮቄ አቅጣጫ ወደምትገኝ መንደር ሄድን። ጥጥ የሚፈትሉ አንዲት እናት በደስታ ተቀበሉን። እኛ ግን «ወደ ብርሃኑ ይምጡ፤ ነጠላዎን ይለውጡ፤ እንደገና ይፍተሉ» እያልን አስቸገርናቸው። እጃቸው ተሳሰረ፥ ክሩም ተበጠሰ። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች እንደሚባለው ሦስት ጊዜ አንሥተን አንዱም አልሆነልንም።

ጨርሰናል ብለን ስልኩን መደቡ ላይ አኖርነው። እርሳቸውም ቡና አፍልተው፥ እንዝርታቸውን እያሾሩ ስለ ቤታቸው አንድ ነገር አጫወቱን። ማታ ስንመለከተው ስልኩ ሳይጠፋ ሲቀዳ ኖሯል። ሥዕሉ የሚያሳየው የቤቱን ጣሪያ ብቻ ቢሆንም ድምፃቸው ጥርት ብሎ ይሰማል። ጓደኞቻችን ሰምተው «ፊልሙ ይኸ ነው!» አሉን። እኛ ግን አንዳችን «ለበዓሉ ይታይ»፥ አንዳችን «ሳይጠየቁ አይሆንም» እያልን ሦስት ቀን ተከራከርን። ሁለት ሆኖ የመሥራት ጥቅም ይህም ጭምር መሆኑ የገባን ያን ጊዜ ነው፤ አንዱ ሲቸኩል ሌላው ይይዘዋል።

በመጨረሻም ተመልሰን ሄደን አሰማናቸው። ዝም ብለው አዳመጡና «ልጆቼ፥ ይህን ለማን ልታሳዩት ነው?» ሲሉ ጠየቁን። «በበዓሉ ለሚመጣው ሕዝብ» አልናቸው። «እኔ ለእናንተ ነገርኋችሁ እንጂ ለአዳራሽ አልነገርሁም» አሉ። እፊታቸው አጠፋነው። የነገሩንም ነገር ከእኛ ጋራ ይቀራል። ልንሰናበታቸው ስንነሣ «ፈትሉን ግን ሌላ ቀን ኑና አንሡኝ፤ ያን ጊዜ ከመቀመጫዬ አታስነሡኝ» ብለው ሳቁ።

እኅቶችና ወንድሞች፥ ዛሬ ስልክ የሌለው ተማሪ ጥቂት ነው፤ ሥዕል ማንሣትም ቀላል ሆኗል። ስለዚህ የሰው ቤት ገብተን ከማንሣታችን በፊት እኒህ እናት የጠየቁንን እኛው ራሳችንን እንጠይቅ። ወላጆቻችንም ስልክ ይዘን ስንመጣ «ለማን ነው?» በሉን። እኛ ወደ መንደሪቱ ተመልሰን እንሄዳለን። የምናነሣውንም ፊልም ከሁሉ አስቀድመው የሚያዩት እርሳቸው ይሆናሉ፤ ከፈቀዱልን ደግሞ በሚመጣው ዓመት በዓል እናንተ ታዩታላችሁ።